ዬኖ ያኖቪችና የሃንጋሪ ፊልም፦ ፕሮዲውሰር ምን ይሠራል?

ካዛብላንካን ያላየ ሰው እንኳ ስሙን ሰምቷል። በ1942 የተሠራ የሆሊውድ ፊልም ነው፤ ዳይሬክተሩ ማይክል ከርቲዝ ኦስካር ወስዶበታል። ይህ ሰው ሃንጋሪያዊ ነው፣ በአገሩ ሳለ የሚታወቀው ሚሃይ ኬርቴስ በሚል ስም ነበር። ለንደን ውስጥ ትልቅ የፊልም ኩባንያ አቋቁሞ የ"ሰር" ማዕረግ ያገኘው አሌክሳንደር ኮርዳም ሃንጋሪያዊ ነው። እሱም በአገሩ ሳለ ሻንዶር ኮርዳ ይባል ነበር። ሁለቱም ዓለም ሳያውቃቸው በፊት፣ ገና በሃያዎቹ ዕድሜ ውስጥ ሳሉ፣ ለአንድ ሰው ተቀጥረው ሠርተዋል። ያ ሰው ዬኖ ያኖቪች ይባላል።

ያኖቪችን ከሃንጋሪና ከሮማኒያ ውጭ የሚያውቀው ጥቂት ነው። ዳይሬክተር ሲወራለት፣ ተዋናይ ሲወራለት፣ የፕሮዲውሰር ስም እየተዘለለ ይታለፋል። እሱ ግን ከ1913 እስከ 1920 ባለው ጊዜ ከ60 በላይ ፊልሞች እንዲሠሩ አድርጓል፣ ያውም ከዋና ከተማው ርቆ፣ አንድ የክፍለ ሀገር ከተማ ውስጥ ተቀምጦ። (ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) አንድ አገር "የራሴ ፊልም" የሚለው ነገር እንዴት እንደሚፈጠር ለመረዳት ከእሱ የተሻለ ምሳሌ አላውቅም።

ፕሮዲውሰር ማለት ገንዘብ የሚያወጣው ሰው አይደለም እንዴ?

ብዙ ሰው እንደዚያ ነው የሚያስበው። ከፊሉ እውነት ነው፣ ግን ትንሹ ክፍል ነው።

ድግስ አስቡ። ወጡን የሠራችው ሌላ ናት፣ የዘፈነው ሌላ ነው፣ ድንኳኑን የተከለው ሌላ ነው። በሬው ከየት ይገዛ፣ ስንት ሰው ይጠራ፣ እንግዳ ቢበዛስ፣ ዝናብ ቢመጣስ ብሎ እንቅልፍ የሚያጣው ግን ደጋሹ ነው። ገንዘቡን ሁሉ ከኪሱ ላያወጣ ይችላል፤ ከፊሉን ይበደራል፣ ከፊሉን ዘመድ ያዋጣለታል። ድግሱ ካማረ ወጥ ሠሪዋ ትመሰገናለች። ከተበላሸ ግን የሚነሳው የደጋሹ ስም ነው።

የፊልም ፕሮዲውሰርም ቦታው ይኸው ነው። የትኛው ታሪክ ፊልም ይሁን የሚለውን ይወስናል። ገንዘብ ያፈላልጋል። ዳይሬክተሩን፣ ካሜራማኑን፣ ተዋንያኑን መርጦ ያገናኛል። ፊልሙ ካለቀ በኋላ ደግሞ የት እንደሚታይና ለማን እንደሚሸጥ የሚጨነቀው እሱ ነው። ዳይሬክተሩ ካሜራው ፊት ያለውን ነገር ይመራል። ፕሮዲውሰሩ ካሜራው እዚያ ቦታ እንዲገኝ ያደረገው ሰው ነው።

በዚያ ዘመን ደግሞ ሥራው ገና ስም እንኳ በቅጡ አልወጣለትም። ባንክ ለፊልም ብድር አይሰጥም። የፊልም ትምህርት ቤት የለም። መንግሥት ፊልምን እንደ መዝናኛ ድንኳን እንጂ እንደ ባህል አያየውም። ስለዚህ ፕሮዲውሰሩ ሁሉንም ነገር ከዜሮ መፍጠር ነበረበት።

ከእሱ በፊት በሃንጋሪ ፊልም አልነበረም?

ነበረ። ሃንጋሪ ውስጥ በ1896፣ የአገሪቱ 1,000ኛ ዓመት ሲከበር፣ የፈረንሳዮቹ የሉሚየር ወንድማማቾች ካሜራማኖች ሰልፉን ቀርጸዋል። በ1901 ቡዳፔስት ውስጥ ለአንድ ትምህርታዊ ንግግር ማሳያ የሚሆኑ አጫጭር የጭፈራ ፊልሞች ተቀረጹ። በ1908 ደግሞ ሞር ኡንገርላይደር የሚባል የካፌ ባለቤት ከሸሪኩ ጋር ፕሮጀክቶግራፍ የተሰኘ ኩባንያ አቋቋመ። ካፌው ውስጥ ፊልም እያሳየ ነው ወደ ሥራው የገባው። የመጀመሪያው የሃንጋሪ ባለ ታሪክ ፊልም በ1912 ቡዳፔስት ውስጥ ወጣ።

እነዚህ ሁሉ ጅምሮች ናቸው። ሲኒማ ቤቶቹ የሚሞሉት በፈረንሳይ፣ በጣሊያንና በዴንማርክ ፊልሞች ነበር። አንድ የሃንጋሪ ፊልም ይወጣል፣ ከዚያ ዝም ይላል፣ ከዚያ ሌላ ይወጣል። ያልነበረው ነገር ቀጣይነት ነው፤ በየዓመቱ፣ በተመሳሳይ ቡድን፣ በታወቀ አቅጣጫ የሚሠራ ማምረቻ።

ታዲያ ለምን ኮሎዥቫር?

ኮሎዥቫር ትራንሲልቫኒያ በሚባለው አካባቢ ያለች ከተማ ናት። ዛሬ ሮማኒያ ውስጥ ናት፣ ስሟም ክሉዥ ናፖካ ነው። በዚያ ዘመን በሃንጋሪ መንግሥት ሥር ነበረች፤ ሕዝቧም ወደ 60 ሺህ ይጠጋል። ከቡዳፔስት ጋር ስትወዳደር ትንሽ ናት፣ ግን አንድ ትልቅ ሀብት ነበራት። ቲያትር።

በሃንጋሪኛ የሚሠራ ሙያዊ የቲያትር ቡድን እዚህች ከተማ ውስጥ በ1792 ተቋቁሟል። በ1821 ደግሞ ከድንጋይ የተሠራ ቋሚ ቲያትር ቤት ተከፈተ። በ1906 አዲስና ትልቅ ሕንፃ ተመረቀ። በዚህ ጊዜ የብሔራዊ ቲያትሩ ዳይሬክተር ያኖቪች ነበር። በ1872 ኡንግቫር ተወለደ (ዛሬ ዩክሬን ውስጥ ናት)። ተዋናይ ነበረ፣ አዘጋጅም ነበረ፣ የተማረ ሰውም ነበረ። በ1911 እና 1912 የሃንጋሪን ድራማ ታሪክ ከጥንት ጀምሮ በቅደም ተከተል በመድረክ አሳይቷል። ይህን ያዙልኝ፤ ወደ ኋላ ላይ ፊልሙን የሚያብራራው ይኸው ነው።

አሁን ሒሳቡን እንየው። አንድ የቲያትር ዳይሬክተር ምን በእጁ አለው? በደመወዝ የሚተዳደሩ ተዋንያን አሉት። ከንጉሥ ካባ እስከ ገበሬ ኮፍያ ድረስ ልብስ የሞላ መጋዘን አለው። ሠዓሊና አናጢ አለው። በሳሞሽ ወንዝ አጠገብ ያኖቪች ራሱ ያሠራው የበጋ ቲያትር አለ፣ ግቢው ሰፊ ነው፣ ፀሐይም አለው። ፀሐይ ቀላል ነገር እንዳይመስላችሁ። የዚያ ዘመን ፊልም ብርሃን ስለሚፈልግ አብዛኛው ቀረጻ የሚካሄደው ውጭ ነው፤ የቤት ውስጥ ትዕይንት እንኳ ጣሪያ የሌለው ግድግዳ ቆሞለት ደጅ ላይ ይቀረጻል።

ከተማዋ ዙሪያ ደግሞ ተራራ፣ ገደል፣ ወንዝ፣ የገጠር መንደር አለ። ቡዳፔስት ያለ አምራች ለእነዚህ ሁሉ መክፈልና መጓዝ አለበት። ያኖቪች በሩን ሲከፍት ያገኛቸዋል። ይህ ሀብት ግን እዚያው ተቀምጦ ኖሯል፤ ፊልም ሊሆን ይችላል ብሎ ያየው እሱ ነው።

ገንዘቡ ከየት መጣ?

እዚህ ጋ ብዙ ሰው የሚገርመው ነገር አለ። "የሃንጋሪ ብሔራዊ ፊልም" የሚባለው ነገር በፈረንሳይ ኩባንያ ድጋፍ ነው የተነሳው።

ፓቴ በዚያ ዘመን ከዓለም ታላላቅ የፊልም ኩባንያዎች አንዱ ነበር። ካሜራ ይሠራል፣ ፊልም ያመርታል፣ በየአገሩ የሽያጭ ቢሮ አለው። ያኖቪች ከፓቴ ጋር ተስማማ። ፓቴ ዳይሬክተርና የሙያ ዕውቀት አመጣ፣ ከዚያም በላይ የሽያጭ መረቡን አመጣ። ያኖቪች ተዋንያኑን፣ ልብሱን፣ ቦታውንና ታሪኩን አቀረበ። ታሪኩ "ሻርጋ ቺኮ" ይባላል፣ "ቢጫው ውርንጭላ" እንደማለት ነው። ከፌሬንትስ ቼፕሬጊ ተውኔት የተወሰደ ነው። በ1913 ተቀረጸ።

ለምን ይህን ታሪክ መረጠ? ተውኔቱ ሃንጋሪዎች በጣም የሚወዱት ዓይነት ነው፤ የገጠር ሕይወት፣ ፈረስ፣ ባህላዊ ልብስ፣ ፍቅርና ጠብ ያለበት። የአገሩ ሰው ያውቀዋል። ለፈረንሳዩ ደግሞ አዲስ ነገር ነው፣ ፓሪስ ውስጥ ተሠርቶ የማይመስል። አንድ ታሪክ ሁለት ገበያ ያዘለት ማለት ነው። ተሳካለትም፤ ፊልሙ ከሃንጋሪ ውጭ በስፋት ተሸጠ።

ይህ ፊልም የሰው ሕይወትም አስከፍሏል። በቀረጻው ወቅት ኤርዢ ኢምሬ የምትባል ተዋናይት ሳሞሽ ወንዝ ውስጥ ሰጥማ ሞተች። ያኔ ለቀረጻ ደኅንነት የሚባል ደንብ አልነበረም፣ ትዕይንቱ ወንዝ ውስጥ ከሆነ ተዋናይዋ ወንዝ ውስጥ ትገባለች፣ በቃ። ስለ ሃንጋሪ ፊልም ስኬት ሲወራ የእሷ ስም አብሮ ሊነሳ ይገባል ብዬ አምናለሁ።

ወደ ገንዘቡ እንመለስ። ቲያትርና ፊልም ገቢ የሚያገኙበት መንገድ በጣም ይለያያል። የቲያትር ዳይሬክተር ዛሬ ማታ አንድ አዳራሽ ሞልቶ ትኬት ይሸጣል፤ ነገ ማታ ተዋንያኑ እንደገና መሥራት አለባቸው። ፊልም ግን አንዴ ተሠርቶ ካለቀ ከአንዱ ኔጋቲቭ ብዙ ቅጂ ይታተማል። በአንድ ምሽት ቡዳፔስት፣ ቪየናና ፓሪስ ውስጥ ሊታይ ይችላል፤ ያኖቪች ደግሞ በዚያው ሰዓት ኮሎዥቫር መድረኩ ላይ ሌላ ተውኔት እያሳየ ነው። ወጪው ግን ቀድሞ ይወጣል፣ ገቢው ዘግይቶ ይመጣል። ያቺን የመሃል ጊዜ የሚሸከማት ፕሮዲውሰሩ ነው። ለዚህም ነው ያኖቪች ሁልጊዜ ሸሪክ የሚፈልገው። ከፓቴ ቀጥሎ በ1914 ከፕሮጀክቶግራፍ ጋር ተሻረከ፤ ኩባንያው ከሁለቱ ስም ተገጣጥሞ "ፕሮያ" ተባለ። ፕሮጀክቶግራፍ ፊልም ማከፋፈሉን ያውቅበታል፣ ያኖቪች መሥራቱን።

"ብሔራዊ" የሚያሰኘው ታዲያ ምኑ ነው?

ገንዘቡ ካልሆነ፣ የመጀመሪያው ፊልም ዳይሬክተርም ካልሆነ፣ ምኑ?

ብሔራዊ ሲኒማ ስንል አንድ ሕዝብ የራሱን ታሪክ፣ የራሱን ሰው፣ የራሱን አገር ሸራው ላይ የሚያይበት፣ በተከታታይም የሚመረት ፊልም ማለታችን ነው። በዚህ መለኪያ ወሳኙ ነገር የታሪክ ምርጫ ነው፣ ያም የፕሮዲውሰሩ ሥራ ነው። ያኖቪች እምነቱ ግልጽ ነበር፤ ፊልም ከሃንጋሪ ሥነ ጽሑፍ መነሳት አለበት። ያ የድራማ ታሪክን በተከታታይ ያሳየ ሰው ካሜራ ሲያገኝ ያደረገው ያንኑ ነው። ተውኔትና ልብ ወለድ አንድ በአንድ እየመረጠ ፊልም አደረገ።

ትልቁ ምሳሌ በ1914 የተሠራው "ባንክ ባን" ነው። ባንክ የሰውየው ስም ነው፤ ባን የሹመት ማዕረግ ነው። ታሪኩ በ13ኛው ክፍለ ዘመን ነው። ንጉሡ ለጦርነት ሄዷል። ንግሥቲቱ ገርትሩድ የውጭ አገር ሰው ናት፣ ዘመዶቿን በየሹመቱ ሰግስጋለች፣ ሕዝቡ ተማሯል። በንጉሡ ቦታ የተተካው ባንክ ነው። ለዙፋኑ መታመን ወይስ ለአገሩ? በዚህ መሃል የንግሥቲቱ ወንድም ሚስቱን ያዋርድበታል። መጨረሻው ባንክ ንግሥቲቱን ይገድላታል።

ይህን ተውኔት የጻፈው ዮዜፍ ካቶና ነው። የጻፈው ደግሞ በ1814 ለኮሎዥቫር ቲያትር መክፈቻ ለወጣ ውድድር ነው። ሽልማት ቀርቶ ዞር ብሎ ያየው እንኳ አልነበረም። ካቶና በ1830 ሞተ፤ ተውኔቱ መድረክ ያየው በ1833 ነው። ኋላ ግን ሃንጋሪዎች በኦስትሪያ ነገሥታት በሃብስቡርጎች ሥር ሆነው ስለ ነፃነት ሲያስቡ የሚያነሱት ብሔራዊ ድራማቸው ሆነ። አሁን አስቡት፤ ልክ ከመቶ ዓመት በኋላ፣ በዚያችው ከተማ፣ የዚያው ቲያትር ዳይሬክተር ታሪኩን ወደ ፊልም ይለውጠዋል። እኔ ይህን ሳነብ ነው የፕሮዲውሰር ምርጫ ምን ያህል ክብደት እንዳለው በደንብ የገባኝ።

ሌላም ምክንያት አለ፣ ቋንቋ። ሃንጋሪኛ ከጎረቤቶቹ ቋንቋዎች ጋር አይዛመድም። ጀርመንኛ ተናጋሪው አይሰማውም፣ ሮማኒያዊው አይሰማውም፣ ሰርቡም እንዲሁ። ስለዚህ የሃንጋሪ ተውኔት ጥሩ ቢሆንም ድንበር አይሻገርም። ድምፅ አልባ ፊልም ግን ይሻገራል። ንግግሩ በመሃል በመሃል በሚገባ ጽሑፍ ነው የሚገለጸው። ያንን ጽሑፍ ቆርጦ አውጥቶ በሌላ ቋንቋ መተካት የአንድ ሠራተኛ ሥራ ነው። በቋንቋው ምክንያት ተዘግቶ ለኖረ ቲያትር ይህ ትልቅ በር ነበር፣ ያኖቪችም በጊዜው አይቶታል።

ዳይሬክተሩና ፕሮዲውሰሩ ሥራውን እንዴት ይካፈላሉ?

"ባንክ ባን"ን የመራው ሚሃይ ኬርቴስ ነው፣ ያ የካዛብላንካው ሰው። ኬርቴስ በ1913 ዴንማርክ ሄዶ ኖርዲስክ በሚባለው ኩባንያ ፊልም እንዴት እንደሚሠራ በቅርብ አይቷል። ያኔ ዴንማርኮች በፊልም ከአውሮፓ ቀዳሚዎች ነበሩ። ያኖቪች ይህን ሰው ኮሎዥቫር አመጣው። የቲያትሩ ሰዎች ትወና ያውቃሉ፣ ካሜራ አያውቁም። ኬርቴስ ካሜራ ያውቃል፣ ያን የመሰለ የተዋንያን ቡድን ግን የለውም። ሁለቱን አንድ ቦታ ማገናኘት የፕሮዲውሰር ሥራ ነው።

ኬርቴስ እዚያ ከመራቸው ዛሬም ልናየው የምንችለው ፊልም "አ ቶሎንትስ" ነው። ቶሎንትስ ማለት ፖሊስ ከከተማ አስወጥቶ ወደመጣበት የሚመልሰው ሰው ነው። መነሻው የኤዴ ቶት ተውኔት ነው። አንዲት የገጠር ልጅ ያሳደጋት ሰው ሊሞት ሲል አባቷ እንዳልሆነ፣ እውነተኛ እናቷም ባሏን ገድላ እስር ቤት እንዳለች ይነግራታል። ልጅቷ ከተማ ገብታ ቤት ሠራተኛ ትሆናለች። የቤቱ ልጅ ይወዳታል። ከዚያ ሌባ ናት ተብላ ትባረራለች። እናትየዋ ደግሞ ከእስር ወጥታ ልጇን ትፈልጋለች።

ልጅቷን ሆና የምትሠራው ሊሊ ቤርኪ ናት። እናትየዋን ማሪ ያሳይ። ያሳይ ያኔ በስልሳዎቹ ውስጥ የነበረች፣ ቡዳፔስት ውስጥ የትራጄዲ ንግሥት ተብላ የምትከበር ተዋናይት ነበረች። እንዲህ ያለች ሰው ብዙ ምሁራን የንቀት ፊት በሚያሳዩት ፊልም ላይ እንድትሠራ ማሳመን ቀላል አይደለም። የጠየቃት ሰው የብሔራዊ ቲያትር ዳይሬክተር መሆኑ፣ ታሪኩም የምታውቀው የሃንጋሪ ተውኔት መሆኑ ለውጥ ያመጣል። የያሳይ ትወና ዛሬ በዓይን የሚታየው በእንዲህ ዓይነቱ ፊልም ነው፤ መድረክ ላይ የሠራችው ሁሉ ከተመልካቾቿ ጋር ሄዷል። ፊልሙን ስታዩ ልብ በሉ፦ አንዳንዱ ተዋናይ የመጨረሻው ወንበር ላይ ላለ ሰው እንደሚሠራ እጁን ይዘረጋል፣ ቤርኪ ግን ዓይኗን ብቻ ታንቀሳቅሳለች። አዲሱ ጥበብ ገና እየተለየ ያለበትን ሰዓት ነው የምታዩት።

እዚያው ፊልም ውስጥ ሚሃይ ቫርኮኒ የሚባል ወጣት ተዋናይ አለ። እሱም ኋላ ሆሊውድ ገብቶ ቪክተር ቫርኮኒ ተባለ፣ በ1927 በወጣው የሴሲል ዴሚል የክርስቶስ ፊልም ላይ ጲላጦስን ሆኖ ሠራ። ከኮሎዥቫር የበጋ ቲያትር ግቢ እስከዚያ ድረስ።

ጦርነቱ ሥራውን አላቆመውም?

የመጀመሪያው የዓለም ጦርነት የተነሳው በ1914 ክረምት ነው። ፈረንሳይ ጠላት አገር ሆነች፤ እንደ ፓቴ ካለ ኩባንያ ጋር አብሮ መሥራት አበቃለት። ወንዶቹም ለጦር ይጠራሉ።

ግን ሳይደግስ አይጣላም እንደሚባለው፣ የጠላት አገር ፊልም መግባት ሲከለከል ሲኒማ ቤቶቹ የሚያሳዩት አጡ። የፈረንሳይ የለም፣ የእንግሊዝ የለም፣ ከ1915 በኋላ የጣሊያንም የለም። ሕዝቡ ግን ሲኒማ ይገባል፣ እንዲያውም በጦርነት ጊዜ ይበልጥ ይገባል። ክፍተቱን የአገር ውስጥ ፊልም ሞላው። በ1912 ጥቂት ፊልሞች ብቻ የሠራች አገር በ1918 በዓመት ወደ 100 ገደማ ደረሰች።

ያኖቪች ዝግጁ ሆኖ ነው ዕድሉ የመጣለት። ኮርቪን የተባለውን ኩባንያ አቋቋመ፤ ራሱ ስክሪፕት ይጽፋል፣ ራሱም ብዙ ፊልም ይመራል። በ1916 ደግሞ ቡዳፔስት ውስጥ የፊልም መጽሔት ያዘጋጅ የነበረውን ኮርዳን አስመጣ። ኮርዳ ገና 22 እና 23 ዓመቱ ላይ ነው። ኮሎዥቫር ውስጥ ፊልም በፊልም ላይ እየደረበ ሠራ።

ኮርቪንን ለምን ሸጠው?

በ1917 ኮርዳና ሸሪኩ ሚክሎሽ ፓስቶሪ ኮርቪንን ከያኖቪች ገዝተው ወደ ቡዳፔስት አዛወሩት። ትርጉሙ ቀላል ነው፤ የሲኒማ ገንዘብ፣ የሲኒማ ጋዜጣ፣ ትልልቆቹ ሲኒማ ቤቶች ያሉት ዋና ከተማው ውስጥ ነው። ኢንዱስትሪው ሲያድግ ወደ ማዕከሉ ይሳባል።

ኮርዳ ቡዳፔስት ውስጥ ለኮርቪን ስቱዲዮ ሠራ። ያ ስቱዲዮ ኋላ ሁኒያ የሚባለው የመንግሥት ስቱዲዮ መነሻ ሆነ፤ ለረጅም ዘመን የሃንጋሪ ፊልም ማዕከል ሆኖ ቆየ። ኮሎዥቫር ውስጥ በአንድ የቲያትር ሰው የተጀመረ ኩባንያ የአገሪቱ ዋና ስቱዲዮ መሠረት ሆነ ማለት ነው። ኮርዳም ራሱ ኋላ ለንደን ውስጥ ስሙ የገነነው በዋነኛነት በፕሮዲውሰርነት ነው።

ያኖቪች ግን አብሮ አልሄደም። እዚያው ኮሎዥቫር ቀርቶ ትራንሲልቫኒያ የሚባል አዲስ ኩባንያ ከፈተ፣ መሥራቱንም ቀጠለ።

ታዲያ ለምን ቆመ?

ከእግሩ ሥር አገሩ ስለተቀየረ ነው። ሃንጋሪ በጦርነቱ ተሸነፈች፤ በ1918 መጨረሻ የሮማኒያ ጦር ኮሎዥቫር ገባ። በ1919 ቲያትር ቤቱን የሮማኒያ መንግሥት ወሰደው፤ የሃንጋሪኛው ቡድን ትልቁ ሕንፃ ውስጥ ለመጨረሻ ጊዜ ያሳየው ሃምሌትን ነበር። ከዚያ ወደ ወንዙ ዳር የበጋ ቲያትር ተዛወረ። በሰኔ 1920 በትሪያኖን ውል ትራንሲልቫኒያ በይፋ የሮማኒያ ሆነች፤ የሃንጋሪ መንግሥት ከነበረው ግዛት ሁለት ሦስተኛውን አጣ።

ይህን ከፕሮዲውሰር ዓይን እዩት። ተመልካቹ፣ አከፋፋዩ፣ ሲኒማ ቤቶቹ ድንበር ማዶ ቀሩ። ፊልም ለመላክ ጉምሩክ አለ፣ ሌላ ገንዘብ አለ፣ ሌላ ሳንሱር አለ። ቡዳፔስትም ብትሆን አልዳነችም። በ1919 ሃንጋሪ ውስጥ ለጥቂት ወራት በቆየው የኮሚኒስቶች መንግሥት የፊልም ኢንዱስትሪው ተወረሰ፤ መንግሥቱ ሲወድቅ ደግሞ በቀል መጣ። ኬርቴስ አገር ጥሎ ወጣ። ኮርዳ ታስሮ ተፈታና እሱም ወጣ። ያኖቪች በ1920 ስለ ቂጥኝ በሽታ የሚያስጠነቅቅ ፊልም ሠራ፣ ከዚያ በኋላ ፊልሙ አበቃ። ወደ መድረኩ ተመለሰ። በ1936 ስለዚያ ዘመን ትዝታውን በአንድ የፊልም መጽሔት ላይ አሳትሟል፤ የኮሎዥቫርን ፊልም ታሪክ የሚያጠኑ ሰዎች ዛሬም የሚያገላብጡት እሱን ነው።

በ1940 ከተማዋ ተመልሳ ወደ ሃንጋሪ ገባች። ለያኖቪች ግን ደስታ አላመጣለትም። የአይሁድ ዘር ስላለበት፣ አይሁዶችን በሚያገሉት የዘር ሕጎች ምክንያት ዕድሜውን ሙሉ ከሠራበት ቲያትር እንዲርቅ ተደረገ። የሃንጋሪን ድራማ ለሃንጋሪዎች በፊልም ያሳየው ሰው "ሃንጋሪያዊ አይደለህም" የተባለ ያህል ነው፣ ይህን በቀላሉ ማለፍ አልችልም። ጦርነቱን ተርፎ በ1945 ቲያትሩን እንዲመራ ተጠራ። በዚያው ዓመት ኅዳር ወር አረፈ።

ፊልሞቹን ዛሬ ማየት ይቻላል?

ጥቂቶቹን ብቻ። የዚያ ዘመን ፊልም የሚታተምበት ናይትሬት የሚባለው ነገር በቀላሉ በእሳት ይያያዛል፣ ዘመን ሲቆጥር ደግሞ ራሱ ይበሰብሳል። ድምፅ ያለው ፊልም ሲመጣም የድሮው ዋጋ የለውም ተብሎ ብዙው ተጣለ። ያኖቪች ካሠራቸው ከ60 በላይ ፊልሞች ውስጥ የተረፉት በጣት የሚቆጠሩ ናቸው። "ባንክ ባን" የለም።

"አ ቶሎንትስ"ም ለአሥርት ዓመታት ጠፍቷል ተብሎ ነበር። በ2008 ኒውዮርክ ውስጥ የሃንጋሪ ስደተኞች ማኅበር ቤት ምድር ቤት ውስጥ ቅጂው ተገኘ። ባለሙያዎች ጠግነውት፣ ቀለሙን መልሰው፣ አዲስ ሙዚቃ ተሠርቶለት እንደገና ለሕዝብ ታየ። ከርቲዝ ሃንጋሪ ውስጥ ከሠራቸው ፊልሞች ሙሉ ሆነው ከተረፉት ጥቂቶች አንዱ ነው። ፕሮዲውሰሩ አንድ ፊልም ብዙ ቅጂ እንዲታተምለትና ሩቅ እንዲሸጥ መድከሙ ለጊዜው ገቢ ነው የሚመስለው። ፊልሙን ያተረፈው ግን እሱው ነው፤ አትላንቲክን የተሻገረ አንድ ቅጂ ባይኖር ኖሮ የማሪ ያሳይን ትወና የምናውቀው ከፎቶና ከጋዜጣ ብቻ ይሆን ነበር።